ፊደልና መሬት፦ የአልባኒያዊው የፋን ኖሊ ሕይወት

በዚህ ጽሑፍ የምናነበው ፋን ኖሊ ስለሚባል ሰው ነው። ይህ ሰው ጸሐፊ ነበር፤ ጳጳስ ነበር፤ ለስድስት ወር ደግሞ የአገሩ ጠቅላይ ሚኒስትር ነበር። ገበሬውን ከባለርስት እጅ አወጣለሁ ብሎ ተናገረ። የተናገረውን ሳይፈጽም ከሥልጣን ወረደ። ከዚያ በኋላ 40 ዓመት በሰው አገር ኖሮ በሰው አገር ሞተ።

ዘመኖቹን ሁሉ የጻፍኩት በአውሮፓ አቆጣጠር ነው። ወደ እኛ አቆጣጠር ለመመለስ ሰባት ወይም ስምንት ዓመት መቀነስ ነው። ሌላም አንድ ነገር ላስቀድም። ጳጳስንና ጠቅላይ ሚኒስትርን አንቱ ማለት ወግ ነው። እኔ ግን ታሪኩን የምጀምረው ከልጅነቱ ስለሆነ “እሱ” እያልኩ እቀጥላለሁ። አንባቢያን ቅር እንዳይላችሁ።

አገሩና ቋንቋው

አልባኒያ በደቡብ ምሥራቅ አውሮፓ፣ በባሕር ዳር ያለች ትንሽ አገር ናት። ከባሕሩ ማዶ ጣሊያን አለ። በደቡብ በኩል ከግሪክ ጋር ትዋሰናለች። ስፋቷ 28,748 ካሬ ኪሎ ሜትር ነው። ከሰሜን ጫፏ እስከ ደቡብ ጫፏ 340 ኪሎ ሜትር ያህል ይሆናል። መንገዱ ሜዳ ቢሆን ኖሮ ብርቱ እግረኛ በአሥር ቀን በጨረሰው ነበር። ግን አብዛኛው አገር ተራራ ነው። ሜዳው ያለው በባሕሩ በኩል ነው፤ መልካሙ እርሻም እዚያው ነው።

ይህችን አገር የኦቶማን ቱርክ መንግሥት ከ400 ዓመት በላይ ገዝቷታል። በሜዳው ያለው ለም መሬት በቤዮች እጅ ነበር። ቤይ ማለት ትልቅ ባለርስት ማለት ነው። የሚያርሰው ግን ጭሰኛው ነው። ጭሰኛው በቤዩ መሬት ላይ ጎጆ ይቀልሳል፤ ያርሳል፣ ይዘራል፣ ያጭዳል። እህሉ ሲወቃ የቤዩ ድርሻ ይሰፈራል። ከዚያ ደግሞ የመንግሥት አሥራት አለ። የተረፈውን ጭሰኛው ከነልጆቹ ይበላል። ይህን ነገር ብዙ ማብራራት አያስፈልግም። ከእናንተ መካከል እድሜ ያላቸው ከእኔ ይልቅ ያውቁታል።

ሌላው ነገር ፊደል ነው። አልባኖች የራሳቸው ቋንቋ አላቸው፤ አልባንኛ ይባላል። ከግሪክኛም ከቱርክኛም የተለየ ቋንቋ ነው። ታዲያ ልጁ ትምህርት ቤት ሲገባ በእናቱ ቋንቋ አይማርም። በቱርክ ዘመን ትምህርት የሚሰጠው በሃይማኖት ተከፍሎ ነበር። የእስልምና ተከታዩ ቱርክኛ ይማራል። የኦርቶዶክስ ተከታዩ ግሪክኛ ይማራል። አልባንኛ የቤትና የእርሻ ቋንቋ ብቻ ሆኖ ቀረ። በኋላም በአልባንኛ ማስተማርና መጽሐፍ ማሳተም ተከለከለ። መጽሐፉ በውጭ አገር እየታተመ፣ በድብቅ ነበር ወደ አገር የሚገባው። ፓፓ ክሪስቶ ነጎቫኒ የሚባል አንድ የኦርቶዶክስ ቄስ ነበር። ለመንደሩ ሰዎች በአልባንኛ ይሰብካል፣ ያስተምራል። በ1905 በዚሁ ምክንያት የግሪክ ታጣቂዎች ገደሉት።

አስቡት እንግዲህ። ሰው በገዛ ቋንቋው ስላስተማረ ተገደለ። ምን አስፈራቸው ብትሉ፣ ነገሩ እንዲህ ነው። የቱርክ ሹም ያን ገበሬ “የእኔ ነህ” ይለዋል። የግሪክ ጳጳስም “የእኔ ነህ” ይለዋል። ገበሬው በራሱ ቋንቋ ማንበብ ከጀመረ ግን “የራሴ ነኝ” ማለቱ አይቀርም።

እንጀራ ፍለጋ

ፋን ኖሊ የተወለደው በ1882 መጀመሪያ ላይ ነው። የተወለደው ግን አልባኒያ ውስጥ አይደለም። አልባኖች ከብዙ ዘመን በፊት ሄደው በሰፈሩበት፣ ኢብሪክ ቴፔ በሚባል መንደር ነው። መንደሩ ዛሬ ቱርክ ውስጥ፣ ከኤዲርኔ ከተማ በስተ ደቡብ ይገኛል። አባቱ የቤተ ክርስቲያን ዘማሪ ነበር። ልጁም የተማረው በግሪክኛ ትምህርት ቤት ነው።

ካደገ በኋላ ወደ አቴና ሄደ። አቴና የግሪክ ዋና ከተማ ናት። እዚያ የቲያትር ሰዎች ዘንድ ተቀጠረ። ሥራው ምን መሰላችሁ? ተዋናዮቹ የሚናገሩትን ሲረሱ፣ ተደብቆ ቀስ ብሎ ማስታወስ ነበር። ቲያትር የሚባለውን ነገር የወደደው ያን ጊዜ ይመስለኛል። ከዚያ ወደ ግብፅ ተሻገረና ግሪክኛ እያስተማረ፣ በቤተ ክርስቲያን እየዘመረ ኖረ። በግብፅ የሚኖሩ አልባኖች ስለ አገራቸው ነጻነት ይመክሩ ነበር። ከነሱ ጋር ተዋወቀ። እነሱም “ወደ አሜሪካ ሂድ፤ እዚያ ብዙ ወገን አለ” አሉት። በ1906 በመርከብ አሜሪካ ገባ።

አሜሪካ ሲደርስ ያገኘው የጉልበት ሥራ ነው። በመጀመሪያ በእንጨት መሰንጠቂያ ፋብሪካ ሠራ። ቀጥሎ በጣሳ ላይ ወረቀት የሚለጠፍበት ፋብሪካ ገባ። ቆይቶ ቦስተን በምትባል ከተማ ሶቲር ፔቺ የሚባል አልባናዊ የሚያዘጋጀው ጋዜጣ ላይ ረዳት ሆነ። ጋዜጣው “ኮምቢ” ይባላል፤ ሕዝብ ወይም ብሔር ማለት ነው።

በዚያ ዘመን በቦስተን አካባቢ የነበሩት አልባኖች አብዛኞቹ የገጠር ወንዶች ናቸው። ሚስትና ልጅ በአገር ቤት ትተው፣ ገንዘብ ቆጥቤ እመለሳለሁ ብለው የመጡ ናቸው። በጫማና በጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ይሠራሉ። ብዙ ሆነው በአንድ ቤት ይኖራሉ፤ በአንድ ድስት ይበላሉ። አብዛኞቹ ማንበብ አይችሉም። ጋዜጣው ሲመጣ የሚችለው ያነባል፤ ሌላው ተሰብስቦ ያዳምጣል። በገዛ ቋንቋቸው የተጻፈ ነገር ሲሰሙ ብዙዎቹ የመጀመሪያቸው ነበር።

በአንድ ቀብር የተጀመረ ነገር

በ1907 ሃድሰን በምትባል ከተማ አንድ ወጣት አልባናዊ ሞተ። ወጣቱ የአልባኒያን ነጻነት ከሚደግፉት አንዱ ነበር። የኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን የነበራቸው ግሪኮቹ ናቸው። የግሪኩ ቄስ “አልባናዊ ነኝ ባይ ከቤተ ክርስቲያን የተወገዘ ነው፤ አልቀብርም” አለ። ወጣቱ ያለ ፍትሐት ተቀበረ።

ይህ ነገር ሠራተኞቹን እንደ እሳት አቃጠላቸው። በሕይወት እያለን ቋንቋችንን ነፈጉን፤ ስንሞት ደግሞ አፈር ይነፍጉናል ወይ? አሉ። ተሰበሰቡና የራሳችን ቄስ ይኑረን ብለው ወሰኑ። የተማረውና የቤተ ክርስቲያን ዜማ የሚያውቀው ኖሊ ነው። በኒው ዮርክ ወደነበረው የሩሲያ ኦርቶዶክስ ሊቀ ጳጳስ ወደ ፕላቶን ላኩት። ፕላቶንም በ1908 ቅስና ሰጠው። ዕድሜው 26 ነበር። በዚያው ወር ቦስተን ውስጥ በአንድ አዳራሽ በአልባንኛ ቀደሰ። ጸሎቱን ራሱ ነው ከግሪክኛ የተረጎመው። የእናቱን ቋንቋ በቅዳሴ ሰምቶ የማያውቀው ሠራተኛ ያን ቀን ምን እንደተሰማው መገመት አያስቸግርም።

በዚያው በ1908 የአልባኒያ አዋቂዎች ማናስቲር በምትባል ከተማ ተሰበሰቡ። እስከዚያ ድረስ አንዱ በግሪክ ፊደል፣ አንዱ በዓረብ ፊደል፣ አንዱ በላቲን ፊደል ነበር የሚጽፈው። አንዱ የጻፈውን ሌላው አያነበውም። ጉባኤው የላቲን ፊደል እንዲሆን ተስማማ። ዛሬ አልባኖች የሚጽፉበት ፊደል 36 ነው። የኛን ፊደል ገበታ ያጠና ሰው በ36 ፊደል ብቻ ሲባል ሳይቀና አይቀርም!

ኖሊ በቅስናው ላይ ሃርቫርድ በሚባለው ትልቅ ዩኒቨርሲቲ ተምሮ በ1912 ተመረቀ። በዚሁ ዓመት በአሜሪካ ያሉት የአልባኖች ማኅበራት ተባብረው “ቫትራ” የሚባል አንድ ማኅበር አቋቋሙ። ከመሥራቾቹ አንዱ ኖሊ ነው፤ ሌላው ፋይክ ኮኒካ የሚባል ጸሐፊ ነው። ቫትራ ማለት ምድጃ ማለት ነው። የፋብሪካው ሠራተኛ ከደመወዙ ያዋጣል፤ በመዋጮው ጋዜጣ ይታተማል፤ ስለ አልባኒያ የሚከራከሩ መልእክተኞች ይላካሉ።

አገር ሲቆም

በኖቬምበር 1912 አልባኒያ ከቱርክ ነጻ መሆኗን አወጀች። ነጻነቱ ግን ወዲያው አደጋ ላይ ወደቀ። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ጎረቤቶቿና ጣሊያን ሊከፋፈሏት ተስማምተው ነበር። በ1918 ኖሊ የአሜሪካውን ፕሬዚዳንት ዊልሰንን አግኝቶ ስለ አገሩ አነጋገረ። በ1920 ደግሞ የአልባኒያን መልእክተኞች መርቶ ጄኔቭ ሄደ። በጄኔቭ የዓለም መንግሥታት ማኅበር ተቀምጦ ነበር። ኖሊ ብዙ ቋንቋ ያውቃል፤ ንግግርም ይችላል። በዲሴምበር 1920 አልባኒያ የማኅበሩ አባል ሆነች። ለትንሽ አገር ይህ ቀላል ነገር አይደለም። በዓለም ፊት “ይህች አገር አለች” ተብሎ ተጻፈላት ማለት ነው።

ከዚህ በኋላ ኖሊ አገሩ ገብቶ የፓርላማ አባል ሆነ። ቀጥሎም ለጥቂት ጊዜ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ነበር። በ1923 ጵጵስና ተቀበለ።

ባለጋራው አሕመድ ዞጉ ይባላል። ዞጉ ከተራራው አገር የመጣ የባላባት ልጅ ነው፤ የታጠቀ ሰው አለው፤ ከቤዮቹ ጋር ይግባባል። በ1924 አቭኒ ሩስተሚ የሚባል በወጣቶች የተወደደ የፓርላማ አባል በጥይት ተመትቶ ሞተ። ሰው ይህን የዞጉ እጅ አለበት አለ። በቀብሩ ላይ ኖሊ ተናገረ። ሕዝቡና የጦር መኮንኖቹ ተነሡ። በጁን 1924 ዞጉ ወደ ዩጎዝላቪያ ሸሸ፤ ኖሊ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆነ።

ስድስት ወር

አሁን የታሪኩ ዋና ነገር ላይ ደረስን።

አዲሱ መንግሥት 20 ነጥብ ያለው ፕሮግራም አወጣ። በፕሮግራሙ ውስጥ የቤዮችን አገዛዝ ከሥሩ መንቀል፣ የገበሬውን ኑሮ ማሻሻል፣ ትምህርትን ማስፋፋት የሚሉ ነገሮች ነበሩ። ቃሉ መልካም ነው። ታዲያ ማን ይፈጽመው?

በኖሊ መንግሥት ውስጥ የነበሩት ሰዎች ዞጉን በመጥላት ነው የተባበሩት እንጂ በመሬት ጉዳይ አንድ አልነበሩም። የጦር መኮንን አለ፤ የተማረ አለ፤ ከባለርስቶቹ ወገን የሆነም አለ። ባለርስት በተቀመጠበት ሸንጎ የባለርስትን መሬት መውሰድ እንዴት ይሆናል? ደግሞ መሬት ለማከፋፈል መለካት ያስፈልጋል፤ መዝገብ ያስፈልጋል፤ ለገበሬው ዘርና በሬ መግዣ ያስፈልጋል። ካዝናው ባዶ ነው። በሴፕቴምበር ኖሊ ራሱ ጄኔቭ ሄዶ ከዓለም መንግሥታት ማኅበር ብድር እንዲሰጠው ጠየቀ። በንግግሩ ላይ ግን ማኅበሩን ራሱን በቀልድ ሸነቆጠው። አዳራሹ ሳቀ፤ ብድሩ አልመጣም። ደጅ ሊጠና የሄደ ሰው ባለቤቱን ሊያሾፍበት አይገባም ነበር ብል እደፍራለሁ። ታላላቆቹ መንግሥታትም ለአዲሱ መንግሥት እውቅና ለመስጠት አንገራገሩ። በሕዝብ ምርጫ ይጽና ቢባልም ምርጫው ሳይደረግ ቀረ።

ጭሰኛው ይጠብቃል። ክረምት አለፈ፤ መኸር ደረሰ። እህሉ ሲወቃ የቤዩ ድርሻ እንደ ወትሮው ተሰፈረ።

በዲሴምበር 1924 ዞጉ ተመለሰ። ዩጎዝላቪያ ረድታዋለች። ከአገራቸው የተሰደዱ የሩሲያ ንጉሥ ወታደሮችም በገንዘብ ተቀጥረው አብረውት መጡ። በገና ዋዜማ ዋና ከተማዋን ቲራናን ያዘ። ገበሬው ለኖሊ መንግሥት አልተነሣም። ለምን ይነሣል? በእጁ የጨበጠው ነገር አልነበረም። ያልተሰጠውን መሬት ለመከላከል ማን ይሞታል? ኖሊም በኋላ ይህን ነገር አልሸሸገም። የመሬቱን ነገር አጥብቆ በማንሣቱ ባለርስቶቹን እንዳስቆጣ፣ ሳይፈጽመው በመቅረቱ ደግሞ ገበሬውን እንዳጣ ራሱ ተናግሯል። በስንዝር ሳይለካ በቃል የተሰጠ መሬት ሁለቱንም ወገን አሳጣው።

ኖሊ በመርከብ ወደ ጣሊያን ተሻገረ። ያን ጊዜ 42 ዓመቱ ነበር። ከዚያ በኋላ የአልባኒያን መሬት አልረገጠም።

ስደት

ስደት ሲባል ከአገር መውጣት ብቻ የሚመስለው ሰው አለ። የፖለቲካ ስደተኛ ግን ጠላቱም ይከተለዋል። የኖሊ የገንዘብ ሚኒስትር የነበረው ሉዊጅ ጉራኩቺ በማርች 1925 ባሪ በምትባል የጣሊያን ከተማ በጥይት ተገደለ። ሰሜን አልባኒያ የቀረው ሌላው ጓደኛቸው ባይራም ጹሪ በዚያው ወር ተከቦ ሞተ። በኖሊም ላይ በሌለበት የሞት ፍርድ ተፈረደበት። ኖሊ ለጉራኩቺ የሐዘን ግጥም ጻፈ፤ “በስደት የሞተው” የሚል ትርጉም ያለው ርዕስ ሰጠው።

ኖሊ ቪየና ገባ። እዚያ በ1925 ከሌሎች ስደተኞች ጋር አብዮታዊ ኮሚቴ አቋቋመ። ግን ስደተኞቹ እርስ በርሳቸው ተከፋፈሉ። አንዱ ከጣሊያን እርዳታ ይፈልጋል፤ አንዱ ከሶቪየት ኅብረት ይፈልጋል። ኖሊ በ1927 የሩሲያ አብዮት አሥረኛ ዓመት ሲከበር ሞስኮ ሄዶ ነበር። ጠላቶቹ “ቀዩ ጳጳስ” የሚል ስም አወጡለት። ያ ስም እስኪሞት አልለቀቀውም።

ታዲያ ጦር የለው፣ ገንዘብ የለው፣ አገር የለው፤ ምን ይሥራ? ቋንቋ ያውቃል። ተቀምጦ የዓለምን ታላላቅ መጻሕፍት ወደ አልባንኛ መለሰ። እንግሊዛዊው ሼክስፒር የጻፋቸውን ቲያትሮች ተረጎመ። የፋርሱን የዑመር ኸያምን ግጥሞች ተረጎመ። ከነዚህ ሁለቱን ላጫውታችሁ።

አንደኛው የኖርዌዩ ኢብሰን የጻፈው ቲያትር ነው። ርዕሱ “የሕዝብ ጠላት” ይባላል። አንዲት ከተማ የጠበል ዓይነት መታጠቢያ አላት። በሽተኛ ከሩቅ እየመጣ ይታጠባል፤ ከተማይቱም በሱ ትኖራለች። ሐኪሙ ውሃውን ሲያስመረምር የተበከለ መሆኑን ያገኛል። ደስ ብሎት ለሹማምንቱ ይነግራል፤ ያመሰግኑኛል ብሎ ነው። ሹማምንቱ ግን ማስጠገኛው ብዙ ገንዘብ መሆኑን ሲሰሙ ዝም በል ይሉታል። አልልም ሲል ሕዝቡን ያነሣሱበታል። ሰው ተሰብስቦ ሐኪሙን “የሕዝብ ጠላት” ብሎ ይፈርድበታል፤ መስኮቱን በድንጋይ ይሰባብራል። ኖሊ ይህን በ1926 ሲተረጉም ሐኪሙን ትቶ ስለ ራሱ ሳያስብ አልቀረም።

ሁለተኛው “ዶን ኪሆቴ” የሚባለው የስፔን መጽሐፍ ነው። አንድ ያረጀ መኳንንት የጀግኖች ታሪክ ሲያነብ ኖሮ አእምሮው ይናወጣል። የዛገ ጥሩር ለብሶ፣ በከሳ ፈረስ ተቀምጦ ለጀብዱ ይወጣል። የነፋስ ወፍጮ ሲያይ ግዙፍ ጠላት መስሎት በጦር ይገጥመዋል። ሳንቾ የሚባል አንድ ገበሬም አብሮት ይሄዳል። ጌታው ደሴት አስገዛሃለሁ ብሎ ተስፋ ሰጥቶታል። ኖሊ በመጽሐፉ መግቢያ ላይ ያንን መኳንንት ከአልባኒያ ቤዮች ጋር አስተያይቶታል። ዘመናቸው አልፎ ሳለ ያላለፈ የሚመስላቸው ሰዎች ናቸው ማለቱ ነው። እኔ ሳነበው የገረመኝ ግን ሳንቾ ነው። ገበሬው መሬት እሰጥሃለሁ የሚለውን ሰው ተከትሎ ዱላውን አብሮ ይቀምሳል። ይህን የተረጎመው ሰው ራሱ ለገበሬ መሬት ቃል ገብቶ ያልፈጸመ ሰው መሆኑን አትርሱ።

ከአልባኒያ ወንዞች ርቆ በጀርመን ሲኖር “በወንዞች ዳር” የሚል ግጥምም ጽፏል። ግጥሙ አገሩንና የተጨቆነውን ሕዝብ የሚያስብ ነው። ብዙ አልባኖች በቃላቸው ያውቁታል።

ወደ ቦስተን መመለስ

ዞጉ በ1928 “ንጉሥ ዞግ” ተብሎ ዘውድ ጫነ። ኖሊ በ1930 የስድስት ወር ፈቃድ አግኝቶ አሜሪካ ገባና ጋዜጣ ጀመረ። የጋዜጣውን ስም “ሬፑብሊካ” አለው። ሪፑብሊክ ማለት ንጉሥ የሌለበት መንግሥት ነው፤ ስሙ ራሱ ስድብ ነበር። የድሮ ጓደኛው ኮኒካ በዚህ ጊዜ በዋሽንግተን የዞግ መልእክተኛ ሆኖ ነበር። እንጀራ ያገናኛቸውን ፖለቲካ ለያያቸው። ኖሊ ፈቃዱ ሲያልቅ ወደ ጀርመን ተመለሰ። በ1932 ግን በአሜሪካ ለዘለቄታው እንዲኖር ተፈቀደለት። ከፖለቲካ ራቀና የቤተ ክርስቲያኑ መሪ ሆኖ ተቀመጠ።

በ1933 መጨረሻ ላይ በጽኑ ታመመ። መታከሚያ ገንዘብ የለውም። የአንድ አገር ጠቅላይ ሚኒስትር የነበረ ሰው ለሐኪም የሚከፍለው አጣ። ገንዘቡ ከየት መጣ መሰላችሁ? ከአልባኒያ፣ ከባለጋራው ከዞግ ነው። ሦስት ሺህ የወርቅ ፍራንክ ላከለት። ሞት ፈርዶበት የነበረው ሰው መድኃኒት ገዛለት ማለት ነው። ኖሊ ተቀበለው፤ ከዚያ ወዲያ በዞግ ላይ የነበረው ምላሱ ለዘብ አለ። ዞግ ገንዘቡን የላከው ለጽድቅ ብቻ ነው ብሎ የሚያምን ይመን። የታመመ ሰው ግን የመድኃኒቱን ምንጭ አይመርጥም። እኔ በዚህ ኖሊን አልወቅሰውም።

ከበሽታው ሲነሣ ምን አደረገ? ተማሪ ቤት ገባ። በ1935፣ በ53 ዓመቱ፣ በቦስተን የሙዚቃ ትምህርት ቤት ተመዘገበ። ልጆቹ ሊሆኑ ከሚችሉ ወጣቶች ጋር ተቀምጦ ተምሮ በ1938 ተመረቀ። ቀጥሎም ስለ ስካንደርበግ ጥናት ጽፎ በ1945 የዶክተርነት ማዕረግ ተቀበለ። ስካንደርበግ በ15ኛው መቶ ዓመት ቱርኮችን የተዋጋ የአልባኖች ጀግና ነው። ኖሊ ያን ጊዜ 63 ዓመቱ ነበር። “ከሸመገልኩ በኋላ ደብተር ይዤ ልሂድ?” የሚል ሰው ካጋጠማችሁ ይህን ንገሩት።

ሁለት ዘውድ ለአንድ ንጉሥ

እዚህ ላይ የአልባኒያ ታሪክ ከኛ ታሪክ ጋር ይገናኛል። ፋሽስት ጣሊያን በ1935 ኢትዮጵያን ወረረ። በ1936 የጣሊያኑ ንጉሥ ቪክቶር አማኑኤል “የኢትዮጵያ ንጉሠ ነገሥት” ነኝ አለ። በኤፕሪል 1939፣ በስቅለት ዕለት፣ የጣሊያን ጦር አልባኒያ ገባ። ያው ንጉሥ “የአልባኒያ ንጉሥ” የሚል ሁለተኛ ዘውድ ደረበ። ሁለቱም አገሮች የዓለም መንግሥታት ማኅበር አባሎች ነበሩ፤ ማኅበሩ ለሁለቱም አልደረሰላቸውም። ከጦርነቱ በኋላ በ1947 በተፈረመው የሰላም ውል ጣሊያን ለኢትዮጵያ 25 ሚሊዮን ዶላር፣ ለአልባኒያ 5 ሚሊዮን ዶላር ካሣ እንድትከፍል ተወሰነ።

ንጉሥ ዞግም በዚያች ዕለት ሚስቱንና ገና የተወለደ ልጁን ይዞ ተሰደደ። እሱም አገሩን ሳያይ በ1961 ፈረንሳይ አገር ሞተ። አሳዳጁም ተሳዳጁም በሰው አገር ቀሩ።

ጣሊያንና ቀጥሎም ጀርመን ከአልባኒያ ሲወጡ ሥልጣን የያዙት በኤንቨር ሆጃ የሚመሩት ኮሚኒስቶች ናቸው። በ1945 የቤዮቹን መሬት ወስደው ለአራሹ አከፋፈሉ። ኖሊ ይህን በሩቅ ሲሰማ ደስ ብሎት ነበር ማለት ይቻላል፤ የአሜሪካ መንግሥት ለነሆጃ እውቅና እንዲሰጥም ጥሯል። በዚህ ምክንያት ከሌሎች ስደተኞች ጋር ክፉኛ ተጣላ። ግን የተከፋፈለው መሬት በገበሬው እጅ አልሰነበተም። ቀስ በቀስ በኅብረት እርሻ ውስጥ ገባና ገበሬው እንደገና የራሱ መሬት የሌለው ሆነ። በ1967 ደግሞ መንግሥቱ ቤተ ክርስቲያኑንም መስጊዱንም ዘጋ። ኖሊ የደከመበት የአልባንኛ ቅዳሴ በአገሩ ውስጥ ጸጥ አለ። እሱ ይህን አላየም። በአሜሪካ ያሉ አልባኖች ግን ቅዳሴውን ቀጠሉ። የኅብረት እርሻው መሬት ለየቤተሰቡ የተከፋፈለው በ1991 በወጣ ሕግ ነው። ኖሊ ቃሉን ከገባ 67 ዓመት ሆኖ ነበር።

ኖሊ ራሱ መሬት አልነበረውም፤ ቤትም አልነበረውም። በ1953፣ በ71 ዓመቱ፣ ያ ድሮ ያቋቋመው የቫትራ ማኅበር 20,000 ዶላር ሰጠው። በዚያ ገንዘብ ሙቀት ባለበት በፍሎሪዳ ቤት ገዛ። ማርች 13 ቀን 1965 እዚያው ሞተ። የተቀበረው ቦስተን ነው፤ የጫማ ፋብሪካ ሠራተኞች ቄስ ባደረጉት ከተማ።

በደቡብ ምሥራቅ አልባኒያ ኮርቻ የምትባል ከተማ አለች። የመጀመሪያው የአልባንኛ ትምህርት ቤት በ1887 የተከፈተው እዚያ ነው። ዛሬ በከተማይቱ ያለው ዩኒቨርሲቲ በፋን ኖሊ ስም ይጠራል። በ1971 ሲከፈት የእርሻ ትምህርት የሚሰጥበት ተቋም ነበር።